ጣሪያው ላይ ባንዲራ የሰቀለው ሰውዬ

ቅዳሜ ጠዋት ቁርስ እየበላን ሳለ ልጄ ማህሌት ስልኳን ጠረጴዛው ላይ ገፋ አድርጋ ወደ እኔ አዞረችው። «ዳዲ፣ ሉክ! ዛሬ ላይብረሪ ውስጥ ፍሪ ሙቪ አለ። ሳይለንት ነው፣ ማንም አያወራም። ሁ ዎችስ ዛት?» ብላ ሳቀች። እናቷ ካረፈች ወዲህ የቅዳሜ ቁርስ የሁለታችን ብቻ ነው። ቤቱ ጭር እንዳይል ልጄ ያገኘችውን ሁሉ ታወራልኛለች፤ እኔም ሥራዬ ብዬ አዳምጣታለሁ። ያን ዕለት ግን ዓይኔ ስልኩ ላይ ቀረ።

ስልኩ ላይ ያለው ፎቶ ከጥቁርና ነጭ ፊልም የተወሰደ ነው። አንድ ረጅም፣ ቀጭን ሰውዬ ጣሪያ ላይ ቆሞ በግራ እጁ የጭስ ማውጫውን ጨብጧል፤ በቀኙ የባንዲራ እንጨት ይዟል። ባርኔጣው ወደ አንድ ጆሮው ዘንበል ብሏል። መነጽሬን ከፍ ዝቅ አደረግኩ። እሱው ነው።

«ምን ሆንክ? ዩ ኖው ሂም?» አለችኝ።

«ሴት ልጁን አውቃቸው ነበር።»

«ዳዲ፣ ፊልሙ እኮ ሀንድረድ ይርስ ሆኖታል!»

«ታዲያ እኔስ ትናንት የተወለድኩ መሰለሽ?» ብዬ በቀልድ አለፍኩት። ከሰዓት በኋላ እንሂድ አልኳት፤ ገረማት። እሷ ሳህኖቹን ስታጥብ እኔ ወደ ጋራዡ ወጥቼ መኪናዬ ውስጥ ተቀመጥኩ። ሞተሩን አላስነሳሁም። ይህን ነገር፣ ካለፈ ወዲህ፣ ለሰው አውርቼው አላውቅም፤ ለእናቷም ቢሆን።

አሜሪካ፣ ኮሎምበስ ከተማ የገባሁት በሃያ ሁለት ዓመቴ ነው። ከደሴ ወጥቼ በመተማ በኩል ሱዳን ገባሁ፤ ገዳሪፍ ሁለት ዓመት ተቀመጥኩ። ከዚያ አንድ ቀን ስሜ ሰሌዳ ላይ ተለጠፈና በጥር ብርድ አምጥተው እዚህ ጣሉኝ። አፓርታማ የሚጋራኝ ጋሼ ተፈራ በሃያ ዓመት የሚበልጠኝ፣ አገር ቤት ጂኦግራፊ ያስተምር የነበረ ሰው ነው። እሱ ማታ ይሠራል፣ እኔ ቀን። እሱ ሲገባ እኔ ስወጣ ደረጃው ላይ «ብርዱ እንዴት ነው?» «ያው ነው» ተባብለን እንተላለፋለን። ሥራዬ ሆቴል ላውንድሪ ውስጥ አንሶላ ማጠፍ ነበር። ማሽኖቹ ስለሚጮሁ ሰው የሚግባባው በእጅ ምልክት ነው፤ እንግሊዝኛ ለሌለኝ ለእኔ ይህ ምቹ ነበር። ቤት ስመለስ ጋሼ ሄዷል። አንዳንድ ቀን ድምፄ መኖሩን ለማረጋገጥ ብቻ «እህህ» እል ነበር። ብቸኝነት ነው ብዬ ስም አላወጣሁለትም። ካፖርት ቢደርቡበት የሚለቅ ብርድ ነበር የመሰለኝ።

በማርች ወር፣ ስመጣ ካፖርት የሰጡኝ የቤተ ክርስቲያን ሰዎች አንድ አረንጓዴ ወረቀት ሰጡኝ። የአየርላንዶች የቅዱስ ፓትሪክ በዓል ነው፤ ምግብ አለ፣ ከምግቡ በኋላ ፊልም አለ ይላል። እኔ በደንብ የገባኝ ምግብ የሚለው ብቻ ነበር። ሄጄ ስቀመጥ ግን ሁዳዴ መሆኑ ትዝ አለኝ። ሳህኔ ላይ ያደረጉልኝ በጨው የቆየ ቀይ ሥጋ፣ የተቀቀለ ጥቅል ጎመንና ድንች ነው። ሥጋውን ወደ ዳር ገፍቼ ጎመኑንና ድንቹን በላሁ። ዘቢብ ያለበት ደረቅ ያለ ዳቦም ነበር፤ እሱን ሦስት ጊዜ አነሳሁ። በአሬራ እንደሚቦካ ያወቅኩት ከወራት በኋላ ነው። ለካ ጾሜን የገደፍኩት እዚያ ነው፤ እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ ግን ይጣፍጥ ነበር።

ፊልሙ አየርላንዶች ከእንግሊዝ ለመላቀቅ ስላደረጉት ትግል ነው። እዚያው አገራቸው፣ ነገሩ ገና ትኩስ ሳለ፣ የመንደር ሰው ሰብስበው ያነሡት ነው አሉ። ፕሮጀክተሩ አዳራሹ መሃል ጠረጴዛ ላይ ተቀምጦ እንደ ስፌት መኪና ይንቀጫቀጫል። ወታደሮች በር ይሰብራሉ፣ ድምፅ የለም። እናት ደረቷን ትመታለች፣ ድምፅ የለም። በየመሃሉ ጽሑፍ ይመጣና ግማሹን ሳላነበው ይጠፋል። ቢሆንም ሁሉም ገባኝ። ምን ልበላችሁ፣ አሜሪካ ከመጣሁ ወዲህ ከጎኔ የተቀመጠው ሰው የገባውን ያህል ሲገባኝ ያ የመጀመሪያዬ ነበር። እኛ ደሴ ሲኒማ የምንገባው «አክተሩ አይሞትም» ብለን ነው፤ ጠላት ከኋላው ሲመጣበት አዳራሹ በሙሉ «ዙር! ዙር!» ብሎ ይጮህለታል። እዚያ ግን ሁሉም እንደ ቅዳሴ ጸጥ ብሏል። እኔም ምላሴን ነክሼ ዝም አልኩ።

ከዚያ ሰውዬው ጣሪያ ላይ ወጣ። ባንዲራውን ሲሰቅለው ነፋስ ያዘውና ተዘረጋ። ጥቁርና ነጭ ፊልም ላይ ባንዲራ ሁሉ ግራጫ ነው፤ የማን እንደሆነ አይለይም። እኔ ተነሥቼ ቆምኩ።

አስቤበት አይደለም፤ እግሬ ነው የተነሣው። ደሴ ማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ፊሽካ ተነፍቶ ባንዲራ ሲወርድ መንገደኛው ሁሉ ባለበት ይደርቃል፤ ተሸካሚው ከነሸክሙ፣ ልጁ ከነኳሱ። የክፍል ጓደኛዬ ይመር አንድ ማታ በዚያች ሰዓት ጎንበስ ብሎ የጫማውን ክር ሲያስር አብዮት ጠባቂዎች አዩት። ሦስት ሳምንት ቀበሌ ታስሮ ሲወጣ አንድ ጆሮው አይሰማም ነበር። ከዚያ ወዲህ ባንዲራ ሲንቀሳቀስ ባየሁ ቁጥር እግሬ እኔን ሳይጠይቅ ይቆማል። አክብሮት እንዳይመስላችሁ፤ ፍርሃት ነው፣ ጥርት ያለ ፍርሃት።

«ዳውን ኢን ፍሮንት!» አለ ከኋላዬ አንድ ሰው። «ከፊት ያለኸው ተቀመጥ» ማለቱ እንደሆነ ያኔ አልገባኝም። ቢገባኝም አልቀመጥም ነበር፤ ባንዲራው ገና እየተውለበለበ ነው። እጆቼን ጎኔ ላይ ለጥፌ ቀጥ እንዳልኩ ከፊተኛው ረድፍ አንዲት ነጭ ፀጉር ያላቸው ሴት ዞር ብለው አዩኝ፤ ቀስ ብለውም ተነሡ። አጠገባቸው ያሉት ተከተሉ፣ ከዚያ ሌሎቹ፣ ከዚያ አዳራሹ በሙሉ ቆመ። ታዲያ ፕሮጀክተሩ መሃላችን ስለነበር ባንዲራው ጀርባችን ላይ ቀረና ስክሪኑን የእኛ ጥላ ሞላው። አንዳንዱ ያለቅሳል። ነገሩን የጀመርኩት እኔ፣ ምን እንደጀመርኩ የማላውቀውም እኔ ብቻ ነበርኩ።

መብራት ሲበራ ሴትዮዋ መጥተው ሁለት እጆቼን ያዙ። ጣሪያው ላይ ያለው አባታቸው መሆኑን በቀስታ፣ ሁለት ጊዜ ደጋግመው ነገሩኝ። «ይህን ፊልም በየዓመቱ እናየዋለን። ለእሱ ብሎ የተነሣ ሰው ግን አይቼ አላውቅም። ምን አይተህበት ነው?» አሉኝ።

እውነቱን የምናገርበት እንግሊዝኛ አልነበረኝም። ይህን ምክንያት አድርጌ ብዙ ዓመት ተሸሽጌበታለሁ። ግን እስቲ ልጠይቃችሁ፤ እጄን ሰው ከያዘኝ ስንት ወር ሆኖት ነበር? የሚያስደስታቸውን ቃል ፈለግኩና አገኘሁ። «ብሬቭ ማን» አልኳቸው። ጀግና ሰው።

ኖራ ይባላሉ። ባላቸው ሞተዋል፣ አንድ ልጃቸው ካሊፎርኒያ ነው የሚኖረው። ሚነርቫ ፓርክ አጠገብ ያለች ትንሽ የጡብ ቤታቸው እሑድ ምሳ ጠሩኝ፤ ሄድኩ። ከዚያ በኋላ እሑድ በመጣ ቁጥር ሆነ። ክሊቭላንድ አቨኑ ላይ ከአውቶቡስ ወርጄ የእግረኛ መንገድ በሌለበት መጀመሪያ በረዶ፣ ቀጥሎ ሣር፣ ቀጥሎ የረገፈ ቅጠል እየረገጥኩ ዓመቱን ዞርኩ። ስሜ በለጠ ነው፤ እሳቸው «ቤል» አሉት። እኔ «እትዬ ኖራ» አልኳቸው። እትዬ ማለት ምን እንደሆነ ስነግራቸው በጣም ደስ አላቸው። ስልክ ሲደውሉልኝ «እትዬ ኖራ ነኝ» ይሉኝ ጀመር።

ድንች በየዓይነቱ አበሉኝ። ከፋሲካ በኋላ በግ፣ ሁልጊዜ ደግሞ ወተት የገባበት ወፍራም ሻይ። ስለ አባታቸው ማውራት ይወዳሉ፤ እንዴት እንደሚዘፍን፣ ቁመቱ ለበር እንዴት እንደሚያስቸግረው። «ክንዱ ላይ ጠባሳ ነበረው» አሉኝ አንድ ቀን። «የምን?» ብላቸው «የእሳት» ብለው ሻይ ሊቀዱ ተነሡ። የቦምብ እሳት ነው ብዬ አሰብኩ። ስለ ውጊያው ስጠይቃቸው «አባዬ ስለዚያ አንድም ቀን አውርቶ አያውቅም» ይላሉ። «ጀግና አያወራም» አልኳቸው። ጠረጴዛውን በጨርቅ ወለወሉ፤ ንጹሕ ነበር እኮ ጠረጴዛው።

እንግዳ ሲመጣ «ለአባዬ ብሎ የቆመው ልጅ ይህ ነው» ብለው ያስተዋውቁኛል። ይህን በሰማሁ ቁጥር አጎንብሼ ድንቼን መቁረጥ እቀጥላለሁ። ያ ቤት የተከፈተልኝ በአንድ ውሸት ነው። ውሸቱ የወጣ ቀን ቤቱም እንደሚዘጋ፣ እሑዴም ከሌላው ቀን ጋር አንድ እንደሚሆን እርግጠኛ ነበርኩ። ጋሼ ተፈራ ደግሞ ይቀልድብኛል። «አንተ፣ ለማታውቀው ባንዲራ ዘብ ቆመህ በየሳምንቱ ምሳ አስቆረጥክ አሉ! እኔ ስንት ዓመት የቆምኩለት ምን ሰጠኝ?»

ማርች ተመልሶ ሊመጣ ሲል እትዬ ኖራ ሹካቸውን አስቀመጡና፣ «ዘንድሮ ማይኩን ይዘህ ለምን እንደቆምክ አንተው ትነግራቸዋለህ» አሉኝ። «ከአንተ ቀጥሎ እኔም የምናገረው አለኝ።»

«ምንድነው እሱ?»

«ያን ቀን ትሰማዋለህ።» ይህን ሲሉ ዓይኔን አላዩም። ምስጋና ሊያቀርቡልኝ ነው ብዬ ይበልጥ ጭንቅ ያዘኝ።

ደረጃው ላይ ጋሼን አስቁሜ ነገርኩት። ሳይቀልድ አልፎ አያውቅም፤ ያን ቀን ግን ቁጭ አለ። «ንገራቸው። ይህ ምን ጣጣ አለው?»

«ቢያባርሩኝስ?»

«ቢያባርሩህ ወደ አንሶላህ ትመለሳለህ። ስማኝ፣ እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል። እስኪጠራ ከምትጠብቅ ቀድመህ ገላግለው።»

ሁለት ንግግር ጻፍኩ። የውሸቱ አንድ ገጽ ሙሉ ነው፤ ነፃነት፣ ጀግንነት፣ መሥዋዕትነት፣ መዝገበ ቃላት አገላብጬ ያላገባሁት ቃል የለም። የእውነቱ ሁለት መስመር ነበር። ለአባትዎ አልነበረም የቆምኩት። ፈርቼ ነው።

በዓሉ ቀን ሸሚዝ ተኮስኩ፣ ክራቫቴን አሠርኩ። እትዬ ኖራ በረጅሟ ቡናማ መኪናቸው ሊወስዱኝ መጥተው ታች ቆመው ክላክስ አደረጉ። እግሬ አልነሣ አለኝ። ሳይጠሩት ይነሣ የነበረ እግር! ሁለተኛ አደረጉ፣ ሦስተኛ አደረጉ። ከዚያ የመኪናው በር ተዘጋና ደረጃውን መውጣት ጀመሩ። ሰባ ዓመት አልፏቸዋል፤ በየአራት ደረጃው ቆም ይላሉ፣ እሰማለሁ። ሮጬ ሄጄ ጀርባዬን ለበሩ ሰጥቼ መሬት ላይ ተቀመጥኩ።

አንኳኩ። «ቤል? ቤል ሃኒ፣ አለህ?»

በእኔና በእሳቸው መሃል ያለው አንድ ስስ እንጨት ነው። ትንፋሻቸው ይሰማኛል፤ የእኔም ሳይሰማቸው አይቀርም። «አለሁ» ማለት በቂ ነበር። ሌላው ሁሉ ከዚያ በኋላ የሚሆነውን ይሆናል። አላልኩም። ጥቂት ጠበቁ፤ አንድ ነገር በሩ ሥር አስቀመጡና እየተደገፉ ወረዱ።

መኪናው ከሄደ በኋላ በሩን ከፈትኩ። በኩሽና ፎጣ የተጠቀለለ ዳቦ ነው፣ ገና አልበረደም። ላዩ ላይ ትንሽ ወረቀት አለ፤ «በውኃ ነው ያቦካሁት፤ ትበላዋለህ» ይላል። ሁዳዴ መሆኑን አስታውሰው ነው። የአሬራውን ነገር አንድ ጊዜ እየሳቅኩ ነግሬያቸው ነበር፤ ለካ ይዘውታል። ያ ዳቦ በውኃ ሲሠራ ድንጋይ ነው የሚሆነው። ሁለት ቀን ሙሉ እያለቀስኩ በላሁት፤ ፍርፋሪ አላስቀረሁም።

ስልኩ ጮኸ፣ አላነሳሁም። እንደገና ጮኸ። በወሩ አንድ የማውቀው ልጅ ዳላስ ሥራ አለ ሲለኝ ሻንጣዬን ይዤ ሄድኩ። ከአራት ዓመት በኋላ ተመልሼ ሚነርቫ ፓርክ ስሄድ ሣሩ ላይ የማላውቀው ልጅ ብስክሌት ወድቆ አገኘሁ። ጎረቤቲቱ ልጃቸው ወደ ካሊፎርኒያ እንደወሰዳቸው ነገረችኝ። አድራሻ አልጠየቅኳትም። መጠየቅ እችል ነበር፤ እንግሊዝኛውም ያኔ ነበረኝ። ፎጣቸው እስከ ዛሬ ልብስ ሳጥኔ ውስጥ አለ። ባለቤቴ ነፍሷን ይማርና «ይህ የማን ነው?» ባለችኝ ቁጥር «የድሮ ነው» እያልኩ አሳለፍኳት።

ያን ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ፣ አሁን ከምንኖርበት ከካናል ዊንቸስተር እስከ ላይብረሪው ልጄ ነዳች። መንገዱ ግራና ቀኝ መጋዘን ብቻ ነው፤ ዝናብ ያካፋ ነበር። አዳራሹ ውስጥ አሥራ አምስት የምንሆን ሰዎች ነበርን፤ ልጄ የስልኳን ቻርጀር የምትሰካበት ስትፈልግ ፊተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጥን። ስኒከር ያደረገ ወጣት የላይብረሪው ሠራተኛ ወደ ፊት ወጣ። ፊልሙ የአንዲት የኮሎምበስ ሴት ንብረት እንደነበረ፣ ሴትዮዋ ሲሞቱ ልጃቸው ለላይብረሪው እንደሰጠ፣ ፊልሙ በተቀመጠበት ቆርቆሮ ውስጥ የእጅ ጽሑፋቸው እንደተገኘ ነገረን። «ፊልሙ በታየ ቁጥር ይነበብልኝ ብለዋል» አለና ማንበብ ጀመረ። እንደገባኝ አድርጌ ልጻፈው።

«ባንዲራውን ሲሰቅል የምታዩት አባቴ ነው። አባቴ ተዋግቶ አያውቅም። ውጊያው በነበረበት ሳምንት ዳቦ ቤት ውስጥ ዳቦ ይጋግር ነበር። ፊልም አንሺዎቹ በኋላ መጥተው ረጅም ሰው ሲፈልጉ እሱን አገኙ፤ ነፋስ እስኪመጣ ግማሽ ቀን ጣሪያ ላይ አቆሙት። እዚህ ያሉ ሰዎች ጀግና ነበር ሲሉኝ ዝም እላለሁ። አልዋሸሁም፤ ግን ዝም አልኩ። አንድ ዓመት ቤል የሚባል ከኢትዮጵያ የመጣ ልጅ ለአባቴ ብሎ ተነሥቶ ቆመ። ያን ልጅ ወደድኩት። በሚቀጥለው ዓመት እውነቱን እሱ ባለበት በሰው ፊት ልናገር ቆርጬ ሳለ በሩን ሳይከፍትልኝ ቀረ። አንድ ሰው ቀድሞ ነግሮት መሆን አለበት። ስላታለልኩት ተቀይሞኝ ነው የሄደው፤ አልፈርድበትም።»

ወጣቱ ወረቀቱን አጠፈና መብራቱን አጠፋ።

«ዳዲ፣ ኢትዮጵያ አሉ እኮ! ሰማህ?» አለች ልጄ በሹክሹክታ። ሰምቻለሁ አልኳት። ድምፄ ስለተለወጠባት ይመስለኛል፣ ክንዴን ያዘችኝ።

አርባ ዓመት እኔ አታለልኳቸው ብዬ ስሸሽ፣ እሳቸው አታለልኩት ብለው ከዚያ በር ጋር ኖረው ሞቱ። ወይ አለመታደል! የተኮስኩት ሸሚዝ ኪስ ውስጥ ሁለት መስመር ነበረኝ፤ እሳቸውም የእሳቸውን ይዘው ያን ሁሉ ደረጃ ወጥተው ነበር። «ጀግና አያወራም» ብዬ አፋቸውን የዘጋሁት ደግሞ እኔ ነኝ፤ ጠረጴዛውን ሲወለውሉ የነበሩት ለዚያ ነው። በሩን ብከፍት ኖሮ በእኔ ፍርሃትና በአባታቸው ዳቦ አብረን እየሳቅን እንወርድ ነበር። ይህን ማንም አልወሰደብኝም። እኔው ነኝ የጣልኩት፣ ጀርባዬን ሰጥቼ ተቀምጬ።

ስክሪኑ ላይ ሰውዬው ጣሪያውን ወጣ። እጅጌውን ሰብስቧል፤ ያኔ ሳላይ የቀረሁት የምድጃ ጠባሳ ክንዱ ላይ ቁልጭ ብሎ ይታያል። ፊቱ መጠበቅ የሰለቸው ሰው ፊት ነው። ነፋሱ መጣ፣ ባንዲራው ተዘረጋ። እግሬን ጠበቅኩት፤ አልተነሣም። ያ ፍርሃት መቼ ጥሎኝ እንደሄደ እንጃ። ከዚያ የወንበሩን ክንድ ተደግፌ፣ ጉልበቴ እያመመኝ፣ እኔው ራሴ ተነሣሁ። ለእትዬ ኖራ አባት፣ ለዳቦ ጋጋሪው።

«ዳዲ! ሲት ዳውን!» ልጄ ጃኬቴን ጎተተች። ግራና ቀኝ አየሁ፤ ሌላ የተነሣ ሰው የለም።

«ዳውን ኢን ፍሮንት!» አለ ከኋላዬ አንድ ሰው።

ዛሬ እንግሊዝኛው በደንብ ይገባኛል። አልተቀመጥኩም።